አቶም ቦምቡን ከመጣላቸው በፊት በምን ተለማመዱ?

መምህርት ከሳሙና በር፦

ሰላም ለሁላችሁ። ጎንደር ውስጥ 12ኛ ክፍል ፊዚክስ አስተምራለሁ። ሰሞኑን ከከፍታ ላይ የሚወድቅ ነገር ላይ ነን። መጽሐፉ እንደተለመደው "የአየር ሰበቃን እንተወው" ብሎ ይጀምራል። ልጆቹ ድንጋይና ኳስ ሰልችቷቸዋል። ስለዚህ የሂሮሺማውን ቦምብ ሰጠኋቸው። ከ9,470 ሜትር ገደማ ተለቀቀ፣ መሬት ሳይነካ 580 ሜትር ላይ ፈነዳ፣ አየር ላይ ስንት ሰከንድ ቆየ? በሉ አስሉ አልኳቸው።

ሰሌዳው ላይ 42.6 ሰከንድ መጣ። የተመዘገበው 44 ሰከንድ አካባቢ ነው። ክፍሉ በአንድ ጊዜ ጸጥ አለ። እንዲህ የተቀራረበ መልስ ይመጣል ብለው አልጠበቁም።

ከዚያ ከኋላ ወንበር አንዲት ልጅ እጇን አወጣች። "ቲቸር፣ የእኛ ሒሳብ ቦምቡ ቀጥ ብሎ ይወርዳል ብሎ ነው። ቢገለባበጥስ? አውሮፕላኑስ እንዴት ተረፈ? አንድ ቀን እንኳን ሳይለማመዱ ነው የጣሉት?"

"አጣርቼ ሰኞ እነግርሻለሁ" ብዬ ወጣሁ። ጥያቄዋ ግን አልለቀቀኝም። እውነተኛው ቦምብ በጣት የሚቆጠር ከሆነ፣ እየጣሉ ሊለማመዱበት አይችሉም። ታዲያ በምን ተለማመዱ? የምታውቁ እባካችሁ።

ቀሃ፦

ሰላም መምህርት። ያው ትሪኒቲ የሚባለው የመጀመሪያው የአቶም ቦምብ ሙከራ አለ፤ ጁላይ 16፣ 1945 ኒው ሜክሲኮ በረሃ ላይ። እሱ ራሱ ልምምድ ነበረው። ሜይ 7 ላይ እዚያው አካባቢ 108 ቶን ቲኤንቲ የሚባል ተራ ፈንጂ ከምረው አፈንድተዋል፤ መለኪያ መሣሪያዎቻቸውን ለማስተካከል። ነገር ግን ትሪኒቲ የፈነዳው 30 ሜትር የሚሆን የብረት ማማ ላይ ተሰቅሎ ነው። ከአውሮፕላን አልተጣለም። የሂሮሺማው ዓይነት ደግሞ ከነጭራሹ ሳይሞከር ነው በቀጥታ የሄደው። ስለዚህ የልጅቷ ጥያቄ ትክክለኛ ጥያቄ ነው።

እዚህ መድረክ ላይ አየር ኃይል የነበሩ አንድ የአዘዞ አባት አሉ። ጋሼ ካዩት እሳቸው ይመልሱልሻል።

የአዘዞው ጡረተኛ፦

ጤና ይስጥልኝ መምህርት። ለዚያች ተማሪሽ ጎበዝ በይልኝ። ብዙ ሰው ስለዚህ ቦምብ ሲያወራ ስለ አተም መሰንጠቅ ነው። እሷ ግን የጠየቀችው እኔ ዕድሜዬን የጨረስኩበትን ነገር ነው።

እኔ ደብረ ዘይት፣ ትጥቅ ክፍል ነበርኩ። ሥራችን ቦምብና ሮኬት ክንፍ ስር ማንጠልጠል ነው። ከአውሮፕላን የሚጣል ማንኛውም ነገር ሲሰቀል መያዝ አለበት፣ ሲታዘዝ መልቀቅ አለበት፣ ሲወርድ ቀጥ ማለት አለበት፣ በሰዓቱ መፈንዳት አለበት። ውስጡ ዩራኒየም ይኑር ተራ ፈንጂ፣ ይህ አይለወጥም። አሜሪካኖቹም ለሁለት ዓመት ሲታገሉ የነበሩት ከዚሁ ጋር ነው። ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ስለዚህ ያላነበብኩት የለም፤ ልጄ ካለበት አገር መጻሕፍት ይልክልኛል። ቀኖቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፍልሽ።

የተጀመረው ኦገስት 1943 ቨርጂኒያ ውስጥ ነው፤ ዳልግረን የሚባል የባሕር ኃይል መተኮሻ ሜዳ ላይ። ሥራውን የመራው ኖርማን ራምሴ የሚባል ገና ሠላሳ ያልሞላው ፊዚሲስት ነው። ይህ ሰው በኋላ በ1989 በፊዚክስ ኖቤል ተሸልሟል፤ ለልጆቹ ንገሪያቸው። በዚያን ጊዜ የታሰበው ቦምብ ረጅምና ቀጭን ነበር። ቲን ማን ይሉታል። ፕሉቶኒየሙን እንደ መድፍ ጥይት አስወንጭፎ ከሌላው ጋር የሚያጋጭ ስለሆነ ረጅም አፈሙዝ ያስፈልገዋል፤ አምስት ሜትር ገደማ። ያንን አሳንሰው ከቱቦ ሠሩት። የፍሳሽ ቱቦ ቦምብ ብለው ነበር የሚጠሩት። ጣሉት። ቀጥ ብሎ መውረድ ቀርቶ በጎኑ ተኝቶ እየተሽከረከረ ወረደ። ተማሪሽ "ቢገለባበጥስ?" ያለችው ማለት ነው። የመጀመሪያው ቀን ላይ የሆነው ያ ነው።

ማርች 1944 ላይ ሙሉ መጠኑን መጣል ጀመሩ። ቦታው ካሊፎርኒያ፣ ሙሮክ የሚባል የደረቀ ሐይቅ ነው። አውሮፕላኑ ቢ 29 ነው። ያን ጊዜ በሥራ ላይ ከነበሩት የአሜሪካ ቦምብ ጣዮች ትልቁ እሱ ነበር። እሱም ቢሆን ለዚያ ርዝመት ስላልተሠራ ሁለቱን የቦምብ ክፍሎች አንድ ማድረግ ነበረባቸው። እዚያ ደግሞ ሌላ ጣጣ መጣ። መልቀቂያው አልታዘዝ አለ። ቁልፉ ይጫናል፣ ቦምቡ ይዘገያል። ማርች 16 ላይ የባሰው ሆነ። አውሮፕላኑ ገና ወደ ሜዳው እየሄደ ቦምቡ ማንም ሳያዘው ተለቀቀና በተዘጋው የሆድ በር ላይ ወደቀ። በሩን ከፍተው ሲያራግፉት በሩ ክፉኛ ተጎዳ።

ይህን ሳነብ ክው ነው ያልኩት። መንጠቆ ቦምብን ሲይዝ ድምፅ አለው። አጭር፣ ደረቅ "ቀጭ" የሚል። እኔ ያንን ድምፅ ሳልሰማ፣ ከዚያ ቦምቡን በሁለት እጄ ይዤ ሳልነቀንቀው፣ ከዚያ ፒኑ መግባቱን በዓይኔ ሳላይ ከስሩ ወጥቼ አላውቅም። ጀማሪዎቹንም የማስተምራቸው እንዲሁ ነበር፤ ጆሮ፣ እጅ፣ ዓይን። አብራሪው እኔን አምኖ ነው የሚነሳው። እነዚያ ሰዎች ከመቀመጫቸው ኋላ የቶኖች ክብደት ያለው ነገር በር ላይ ተጋድሞ ሲያዩ ምን እንደተሰማቸው አውቃለሁ።

አውሮፕላኑ እስኪጠገን ሙከራው ቆሞ እስከ ጁን ቆየ። መፍትሔው ከእንግሊዝ መጣ። እንግሊዞች ላንካስተር በሚባለው አውሮፕላናቸው አምስት ቶን ተኩል የሚመዝን ቦምብ በአንድ መንጠቆ ብቻ ያንጠለጥሉ ነበር። ያንን መንጠቆና መልቀቂያ ወስደው ቢ 29 ውስጥ ገጠሙት። ከዚያ በኋላ ነገሩ ተረጋጋ። ቲን ማን ግን በዚያው ዓመት ጁላይ ላይ ቀረ። ከሪአክተር የሚወጣው ፕሉቶኒየም ራሱን በራሱ የሚሰነጥቅ ዓይነት ስለተቀላቀለበት ለዚያ አሠራር አልሆነም። የቀሩት ሁለት ናቸው፦ በኋላ ሂሮሺማ ላይ የተጣለው ባለ ዩራኒየሙ ሊትል ቦይ እና ናጋሳኪ ላይ የተጣለው ባለ ፕሉቶኒየሙ ፋት ማን።

ፋት ማን የራሱ ችግር ነበረበት። ወገቡ አንድ ሜትር ተኩል፣ ርዝመቱ 3.25 ሜትር ነው። እንዲህ ያለ ድቡልቡል ነገር አየር ላይ አይረጋም፤ ይንገዳገዳል። ቦምብ ቀጥ እንዲል አየሩ ከክብደቱ መሐል ኋላ ያለውን ክፍል በደንብ መያዝ አለበት። ጭራ ማለት ለዚህ ነው። ብዙ ዓይነት ጭራ ሞከሩ። የተሳካው ከኋላ ክፍት የሆነ አራት ማዕዘን ሳጥን ሆኖ ውስጡ ሰያፍ የብረት ሳህኖች የተበየዱበት ነው። አየሩ እነዚያ ሳህኖች ላይ እየተጋጨ ጭራውን ወደ ኋላ ይጎትተዋል። የካሊፎርኒያ ፓራሹት የሚል ስም አወጡለት። መምህርት፣ በአንቺ ሒሳብና በተመዘገበው መካከል ያለው ሰከንድ ተኩል ከአየሩ የመጣ ነው። የናንተው ሊትል ቦይም ቢሆን ከኋላው ሳጥን መሳይ ጭራ ነበረው።

ሌላም ነገር። አንዲት ተማሪ "ክብደት በመውደቂያ ጊዜ ላይ ለውጥ የለውም ብለሽን የለ እንዴ፣ ለምን ባዶ ቆርቆሮ አይጥሉም?" ብትልሽ መልሱ ይህ ነው። አየር ከሌለ ለውጥ የለውም። አየር ካለ ግን ባዶው ቆርቆሮ ቶሎ ይያዛል፣ ከባዱ ግን ይጥሰዋል። ስለዚህ ቅርፁ አንድ መሆኑ አይበቃም። ክብደቱም፣ የክብደቱ መሐልም አንድ መሆን አለበት። ለዚህ ነው የመለማመጃ ቦምቦቹን ሆድ በሲሚንቶ ድብልቅ የሞሉት። ጥለው ጥለው፣ ከመሬት በካሜራ እየተከታተሉ፣ ከዚህ ከፍታ በዚህ ፍጥነት ከተለቀቀ እዚያ ይወድቃል የሚል ሰንጠረዥ አወጡ። ያ ሰንጠረዥ ባይኖር ቦምብ አነጣጣሪው ዕውር ነው።

ዲሴምበር 17፣ 1944 ላይ ልዩ ክፍለ ጦር ተቋቋመ፤ 509ኛ። ሰፈሩ ዩታ ውስጥ ዌንዶቨር ነው። አዛዡ ፖል ቲቤትስ 29 ዓመቱ ነበር። አውሮፕላኖቹ ከባድ ነገር ይዘው ከፍ እንዲሉ የብረት መከላከያቸውና ከጭራው በስተቀር መትረየሶቻቸው ተነቀሉ። ሠራተኞቹ ቀን በቀን ሲሚንቶ የሞላ ቦምብ ይጥላሉ፤ ከጣሉ በኋላ ደግሞ 155 ዲግሪ እየታጠፉ፣ እያዘቀዘቁ ይሸሻሉ። ለምን እንደሚሸሹ ለአብዛኞቹ አልተነገራቸውም። አንድ ተራ ቦምብ ጥሎ እንዲህ የሚሸሽ የለም፤ ነገር እንዳለው ሳይገባቸው አልቀረም። "አውሮፕላኑ እንዴት ተረፈ?" ለሚለው መልሱ ያች መታጠፊያ ናት። ሂሮሺማ ላይ የፍንዳታው ሞገድ ሲደርስባቸው 18 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀው ነበር። እነዚያን 44 ሰከንዶች ከእጃቸው ያላወጧቸው ብዙ ጊዜ ስለተለማመዷቸው ነው።

ስለ ፊውዙ፣ ማለት ቦምቡን በሰዓቱ ስለሚያፈነዳው መሣሪያ፣ ባጭሩ። መሬት ሳይነካ አየር ላይ እንዲፈነዳ ስለፈለጉ በአየር ግፊት የሚሠራ መለኪያና ከመሬት ርቀቱን የሚለካ ትንንሽ ራዳር ገጠሙለት። ራዳሩ አርቺ ይባላል። መጀመሪያ የተሠራው ከኋላ የሚመጣ አውሮፕላንን ለማስጠንቀቅ ነበር። አንዱ ቢበላሽ ሌላው እንዲተካ በእያንዳንዱ ቦምብ ላይ አራት አራት አደረጉ። የአየር ግፊቱን በረሃ ላይ ብቻ ሞክሮ ማመን አይቻልም፤ ዌንዶቨር ከባሕር ወለል 1,290 ሜትር ከፍ ይላል። እዚህ ጎንደር 2,100 ሜትር ላይ ሆነሽ የምትለኪው ግፊትና ባሕር ዳርቻ ላይ የምትለኪው እንደማይገናኝ አንቺ ከእኔ በላይ ታውቂዋለሽ። ሂሮሺማ ደግሞ ባሕር ዳር ናት። ስለዚህ ካሊፎርኒያ ውስጥ ሶልተን የሚባል ከባሕር ወለል በታች ያለ የጨው ሐይቅ አካባቢ ሄደው ጣሉ።

እኔን ከሁሉም የነካኝ የመጨረሻዎቹ ቀናት ናቸው። አውሮፕላኖቹ ወደ ጃፓን በሚነሱባት በፓሲፊኳ ቲኒያን ደሴት ላይ ቦምቡ ከአውሮፕላኑ ሆድ ስር በጋሪ አልገባ አለ፤ ሆዱ ዝቅ ያለ ነው፣ ቦምቡ ወፍራም። ጉድጓድ ቆፈሩ። ቦምቡ ጉድጓድ ውስጥ ይወርዳል፣ አውሮፕላኑ በላዩ ላይ ይመጣል፣ ከዚያ በሃይድሮሊክ ወደ ላይ ይገፋል። ከጁላይ 23 ጀምሮ ዩራኒየም የሌላቸውን ሊትል ቦዮች ደሴቷ አቅራቢያ ባሕር ላይ እየጣሉ ፊውዙን ፈተሹ። ኦገስት 8 ላይ ቦክስካር የምትባለው አውሮፕላን ፕሉቶኒየም የሌለውን ፋት ማን ባሕር ላይ ጣለች። በማግስቱ ያችው አውሮፕላን እውነተኛውን ይዛ ናጋሳኪ ሄደች።

ዊሊያም ፓርሰንስ የሚባል የባሕር ኃይል መኮንን አለ፤ የትጥቁ ሥራ ኃላፊ። ቲኒያን ላይ ቢ 29ዎች ሲነሱ እየተከሰከሱ ሲቃጠሉ አይቶ፣ ሊትል ቦይ ተቀባብሎ መነሳት የለበትም አለ። ባሩዱን አየር ላይ ሆኜ እኔ እከትበታለሁ አለ። ከዚያ ከበረራው በፊት በነበረው ቀን፣ በዚያ ሙቀት፣ ጠባቡ የቦምብ ክፍል ውስጥ ገብቶ እጁ በግራፋይት እስኪጠቁር ደጋግሞ ተለማመደ። የእኔ ዓይነት ሰው ነው። ያደረገው ግን ምን እንዳመጣ ሳስብ እንዴት አድርጌ ላደንቀው እንደምችል አላውቅም።

መምህርት ከሳሙና በር፦

ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። እንዲህ ያለ መልስ አልጠበቅኩም። ባዶ ቆርቆሮ ያሉትን በቀጥታ ለሰኞ ወስጄዋለሁ። ሁለት ጠርሙስ፣ አንዱን አሸዋ ሞልቼ አንዱን ባዶ አድርጌ ከፎቅ ላይ እንዲጥሉ አደርጋለሁ፤ ሜዳው ላይ ማንም እንዳይኖር ዘበኛው ይጠብቅልኛል።

አንድ ነገር ልጠይቅዎት። እነዚህ የመለማመጃ ቦምቦች ሲሚንቶ ብቻ ነበሩ? ሰው የሌለበት ቦታ ላይ ብቻ ነው የተጣሉት? ሌላ ቦታ "ዱባ ቦምብ" የሚል አየሁና ጃፓን የሚል ነገር አለበት።

የአዘዞው ጡረተኛ፦

ልጄ፣ ይህን ባትጠይቂኝ ራሴ እጽፈው ነበር።

ዱባ ቦምብ ማለት የፋት ማን ወንድም ነው። ቅርፁ ያው፣ ክብደቱ ከ5 ቶን በላይ፣ ማለት 50 ኩንታል አለፍ ያለ። ድቡልቡልና ወፍራም ቅርፁ ዱባ ስለሚመስል ነው ዱባ ያሉት። በጠቅላላ 486 ተሠርተዋል። ከፊሎቹ ሲሚንቶ የሞላባቸው ናቸው፤ አሜሪካ ውስጥ በረሃና ውሃ ላይ ነው የተጣሉት። የቀሩት ግን ተራ ፈንጂ ነው የተሞሉት፤ እያንዳንዱ 2.8 ቶን ገደማ። አፍንጫቸው ላይ ሲነኩ የሚፈነዱ ሦስት ፊውዞች አሉ።

ከእነዚህ ውስጥ 49ኙ ጃፓን ላይ ተጣሉ። ከጁላይ 20 እስከ ኦገስት 14፣ 1945። ለአቶም ቦምቡ የተመረጡት ከተሞች እንዳይነኩ ተጠብቀው ነበር። ስለዚህ ልምምዱ የሚካሄደው በእነሱ ዙሪያ ባሉት ላይ ነው። ሠራተኞቹ መንገዱን እንዲለምዱ፣ ከጣሉ በኋላ መታጠፉን እውነተኛ ጠላት አገር ላይ እንዲያዩት። አንድ ወይም ጥቂት አውሮፕላን ከፍ ብሎ ይመጣል፣ አንድ ይጥላል፣ ይሄዳል። ታች ያለው ሰው ከብዙ መቶ አውሮፕላን ጭፍጨፋ ጋር ሲያነጻጽረው አንድ አውሮፕላን ምን ያደርጋል ብሎ ይሆናል።

ጁላይ 26 ጠዋት ኦሳካ ከተማ ውስጥ ታናቤ በሚባል ሰፈር አንድ ዱባ ወደቀ። ሰባት ሰው ሞተ፣ 73 ቆሰለ። አንድ ቦምብ ብቻ ነው። ዛሬ በሰፈሩ የመታሰቢያ ድንጋይ ቆሟል። በአጠቃላይ በእነዚህ 49 ቦምቦች የሞተው ሰው 400 ገደማ እንደሚሆን ጃፓኖች ይገምታሉ። የቆሰለው ከ1,000 ይበልጣል።

አሁን ደግሞ ቀኑን ተመልከቺልኝ። ኦገስት 14። ናጋሳኪ ከጠፋች አምስት ቀን ሆኗታል። በማግስቱ ኦገስት 15 ንጉሡ በሬዲዮ እጅ መስጠታቸውን ይናገራሉ። በዚያች ቀን አይቺ በሚባለው ክፍለ ሀገር ላይ ሰባት ዱባዎች ተጣሉ። ለምን? ሦስተኛው አቶም ቦምብ እየተዘጋጀ ስለነበረ ነው። የአቶም ቦምቡ ሥራ የበላይ ኃላፊ ጄኔራል ግሮቭስ ከኦገስት 17 ወይም 18 በኋላ ለመጣል ዝግጁ ይሆናል ብለው ጽፈው ነበር። ስለዚህ ልምምዱ አልቆመም። ሰው ጦርነቱ ሊያበቃ አንድ ሌሊት ሲቀረው ለልምምድ ሞተ። ይህን ባነበብኩበት ማታ እንቅልፍ አልወሰደኝም። ባለቤቴ "ምን ሆንክ?" ብትለኝ የምነግራት ጠፋኝ።

ሌላው የሚያሳዝነው፣ የሞተባቸው ሰዎች በምን እንደሞቱባቸው ለአሥርት ዓመታት አላወቁም። ለእነሱ አንድ ትልቅ ቦምብ ነው። ያጋለጡትም መንግሥታት አይደሉም። አይቺ ውስጥ ካሱጋይ የሚባል ከተማ ነዋሪዎች ሰፈራቸው በጦርነቱ የደረሰበትን ለማጥናት ተሰባስበው ሰነድ ሲያገላብጡ፣ በ1991 የአሜሪካኖቹን የዒላማ ዝርዝር አገኙ። የሰፈራቸው ቀንና ቦታ ከአቶም ቦምቡ ክፍለ ጦር ዝርዝር ውስጥ ተጽፎ አዩት። ተራ ሰዎች ናቸው። ሰነዱ ግን 46 ዓመት ሙሉ መደርደሪያ ላይ ነበር።

እኛም ጋ መለማመጃ ቦምብ ነበረን። ሆዱ ፈንጂ የለውም፤ መሬት ሲመታ ነጭ ጭስ የምታወጣ ትንሽ ካርትሬጅ ብቻ ናት ያለችው። ከታዛቢ ማማ ላይ ጭሱን አይተን ስንት ሜትር እንደሳተ እንለካለን። ከመጣሉ በፊት ግን ሜዳው ይታሰሳል። እረኛ አለ? ከብት አለ? አንዲት ላም እንኳን ብትታይ አውሮፕላኑ አየር ላይ ይዞራል እንጂ አይጥልም። ነዳጁ ያልቃል፣ አዛዡ ይቆጣል፣ ግን አይጥልም። እኔ ልምምድ ብዬ የማውቀው ይህን ነው። ስለዚህ ለልጆቹ ስትነግሪያቸው ጭራውንና መንጠቆውን ብቻ አትንገሪያቸው፤ ታናቤንም ንገሪያቸው። ሰባቱንም በቁጥር ንገሪያቸው።

ከማክሰኝት፦

ጋሼ፣ ሰላም ነው? ጽሑፍዎን ቁጭ ብዬ ሁለቴ አነበብኩት። አያቴ በጣሊያን ጊዜ እንግሊዞች ጎንደርን ሲደበድቡ ልጅ ነበሩ። አውሮፕላን ሲሰማ ገደል ለገደል እንሸሽ ነበር ይሉን ነበር። እነዚያ ቦምቦች ከዱባው ጋር ሲነጻጸሩ ምን ያህል ናቸው?

ደግሞ አንድ ነገር። እኔ የተማርኩበት ትምህርት ቤት ደወሉ የቦምብ ቅርፊት ነበር። ዛፍ ላይ ተንጠልጥሎ በብረት ይመታል። ድምፁ ሰፈሩን ያዳርሳል። እስካሁን አለ። "ይሄ መለማመጃ ነው፣ ምንም የለውም" ይሉን ነበር። እርስዎ እንደሚሉት ከሆነ እንዴት ይታወቃል?

የአዘዞው ጡረተኛ፦

ሰላም ነው ወንድሜ። አያትህን ነፍስ ይማር፤ በሕይወት ካሉም ዕድሜ ይስጥልኝ። በ1941 የጣሊያኑ አዛዥ ጄኔራል ናዚ ኖቬምበር 27 ላይ እጅ እስኪሰጡ ድረስ ጎንደርና ዙሪያዋ፣ ቁልቋል በርን ጨምሮ፣ ብዙ ተደብድቧል። በዚያን ዘመን እንግሊዞች በብዛት የሚይዟቸው ቦምቦች 113 ኪሎና 227 ኪሎ የሚመዝኑ ናቸው። ዱባው ከትልቁ ሃያ እጥፍ ይበልጣል። ታች ላለው ሰው ግን 113ቱም ቤት ያፈርሳል፤ አያትህ መሸሻቸው ልክ ነው።

ደወሉን በተመለከተ ቶሎ ልመልስልህ፤ ይህ ነገር ጊዜ አይሰጥም። "መለማመጃ ነው" መባሉ ብቻውን ዋስትና አይደለም። እኛ የጭስ ካርትሬጅ የምንላት ትንሿ ነገር እንኳን ሳትተኮስ ከቀረች ጣት ትቆርጣለች፣ ዓይን ታጠፋለች። ዝገት ደግሞ ነገሩን ያብሰዋል እንጂ አያቀልለውም።

ራቅ ብለህ ቁመህ ተመልከት። አትንካው፣ አታገላብጠው። ከኋላ በኩል ክፍት ከሆነና ውስጡ ከጫፍ እስከ ጫፍ ብርሃን የሚያሳልፍ ከሆነ ባዶ ቅርፊት ነው፤ ብዙ ቦታ ደወል የሆኑት እንዲህ ያሉት ናቸው። አፍንጫው ላይ የተገጠመ የነሐስ ወይም የብረት ቡሽ መሳይ ነገር ካለ፣ ወይም ውስጡ በደረቀ ነገር የተደፈነ ከሆነ ግን ከዛሬ ጀምሮ ማንም እንዳይመታው። በገመድ ክለሉት፣ ልጆቹ በሌላ በር ይግቡ። ለቀበሌና ለፖሊስ አመልክቱ፤ እነሱ ፈንጂ የሚያውቅ ባለሙያ ከመከላከያ ያስመጣሉ። "ስንት ዓመት ተመትቶ ምንም አልሆነም" የሚል ሰው አይጠፋም፤ እሱን አትስማ።

ፎቶ ማንሳት ከቻልክ ከሩቅ አንሳና በግል ላክልኝ። አፍንጫውና ኋላው በደንብ ይታይ። አይቼ የመሰለኝን እነግርሃለሁ፤ የመጨረሻውን ቃል የሚሰጠው ግን ቦታው ድረስ የሚመጣው ባለሙያ ነው።

መምህርት ከሳሙና በር፦

ከማክሰኝት፣ እባክህ ነገ ሳይሆን ዛሬ አድርገው። የእኔም ትምህርት ቤት ማከማቻ ውስጥ የቆየ ብረታ ብረት ስላለ ጠዋት ከርዕሰ መምህሩ ጋር አብረን እናየዋለን።

ጋሼ፣ ሰኞ ጠዋት ሁለተኛው ክፍለ ጊዜ ነው የእኔ። ከአዘዞ በታክሲ ሩቅ አይደለም። ቢመቸዎት መጥተው ስለ መንጠቆውና ስለ ሜዳው ራስዎ ቢነግሯቸው ደስ ይለኛል። ያች ከኋላ የምትቀመጠው ልጅ ገና ብዙ የምትጠይቀው ይኖራታል።

የአዘዞው ጡረተኛ፦

እመጣለሁ። ጠርሙሶቹን ሳልደርስ እንዳትጥሉ፤ ለአንደኛው ጭራ ከካርቶን ሠርቼለት ይዤ እመጣለሁ፣ ያለ ጭራውና ከነጭራው ጎን ለጎን ይዩት።